ቁስሉ ሲድን መዘዙ ከመዝገብ እንዳይጠፋ

ለጤና ተቋማት ኃላፊዎች፣
ለሕክምና መዛግብትና መረጃ ክፍሎች፣
ለአካል ጉዳት ምዘና ቦርዶች፣
ባሉበት

ጉዳዩ፦ በውጊያ የደረሱ ጉዳቶች የረጅም ጊዜ መዘዝ በሕክምና ኮድ በአግባቡ እንዲመዘገብ ስለመጠየቅ

ክቡራትና ክቡራን፣

ይህን ግልጽ ደብዳቤ የምጽፈው የታካሚዎችን ካርድ እያነበብኩ ሐኪሞች የጻፉትን ወደ ኮድ በመቀየር ሥራ የምተዳደር ሰው እንደመሆኔ፣ ከእናንተ አንድ ውሳኔ ለመጠየቅ ነው። ከዓመታት በፊት በውጊያ የቆሰለ ሰው በዚያው ቁስል መዘዝ ሲታከም፣ ለዛሬው ሕመሙ ከሚሰጠው ኮድ በተጨማሪ ሕመሙ የቆየ ጉዳት መዘዝ መሆኑን የሚያሳየው ኮድና የመነሻው ምክንያት ኮድ አብረው መመዝገባቸው በየተቋማችሁ ግዴታ ይሁን። ዓለም አቀፉ መመሪያ ይህን ለመዝጋቢው ፈቃድ ትቶታል፤ ለፈቃድ የተተወው ነገር ምን ያህል እንደሚጻፍ ደግሞ ማናችሁም የአንድ ወር ካርዶችን አስወጥታችሁ ብታዩ በግማሽ ቀን ትረዱታላችሁ።

ሥራውን በቅርበት ለማያውቁ አንባቢዎች አደረጃጀቱን ባጭሩ ላስረዳ። አይሲዲ በሚል አጭር ስሙ የሚታወቀው ዓለም አቀፍ የበሽታዎች ምደባ አሥረኛ ክለሳ እ.ኤ.አ. በ1990 በዓለም ጤና ጉባኤ ጸድቆ ከ1994 ጀምሮ አገሮች ሲሠሩበት የኖረ ሰነድ ነው። በዚህ ምደባ አንድ የውጊያ ቁስል በሁለት በኩል ይታያል። በሰውነት ላይ የደረሰው ጉዳት፣ ማለትም የተሰበረው አጥንት፣ የተቆረጠው እግር ወይም የተወጋው ሳንባ፣ በኤስ እና በቲ በሚጀምሩ ኮዶች ይጻፋል። ጉዳቱን ያደረሰው ነገር ደግሞ በውጫዊ ምክንያቶች ምዕራፍ የራሱ ኮድ አለው። ለጦርነት የተመደበው ዋይ36 ሲሆን፣ በሥሩ ፍንዳታና ፍንጣሪ በዋይ36.2፣ እሳትና ቃጠሎ በዋይ36.3፣ የጥይት ምትና ሌሎች የተለመዱ የጦር መሣሪያዎች በዋይ36.4፣ የኬሚካል መሣሪያ በዋይ36.7 ይመዘገባሉ። ይህ ምድብ ወታደሩንም ሲቪሉንም በአንድነት ይይዛል፤ ሁለቱን በስድስተኛው ቁምፊ የሚለየው አሜሪካኖች ለራሳቸው ያስፋፉት ቅጂ ነው። ዓመታት ሲያልፉ ግን እነዚህ ኮዶች ቦታቸውን ለሌሎች ይለቃሉ፤ ጉዳቱ ከቲ90 እስከ ቲ98 ወዳለው የመዘዝ ክፍል፣ ምክንያቱም የጦርነት መዘዝ ወደሚመዘገብበት ወደ ዋይ89.1 ይሻገራል።

እዚህ ላይ ደጋግሜ የማገኘው ስሕተት ስላለ ጥቂት ልቆይበት። ዋይ36.8 ጦርነቱ ካቆመ በኋላ ስለደረሰ ጉዳት የሚናገር ርእስ ስላለው፣ ጦርነቱ ካለቀ ከብዙ ዓመት በኋላ ለሚታከም ቁስለኛ ሁሉ የተዘጋጀ ይመስላል። አይደለም። ኮዱ የሚያገለግለው በውጊያ ጊዜ የተቀበረ ፈንጂ ወይም የተጣለ ቦምብ ተኩስ ካቆመ በኋላ ፈንድቶ ላቆሰለው ሰው ነው፤ ቁስሉ አዲስ ነው፣ ያረጀው ጦርነቱ ነው። ቁስሉ ራሱ አሮጌ ከሆነ ቦታው ዋይ89.1 ነው። ሁለቱ ሲደባለቁ የድሮ ቁስለኞች የሚታከሙበት አካባቢ ዛሬም ፈንጂ የሚፈነዳበት መስሎ በሪፖርት ይወጣል፤ በአንጻሩም ፈንጂ እረኛና ገበሬ እያቆሰለ ያለበት ቦታ የድሮ ቁስለኞች መሰብሰቢያ ብቻ ይመስላል። ፈንጂ አምካኞችን ወዴት እንደሚልክ የሚወስን ሰው እንዲህ ያለውን ቁጥር ይዞ ሊነሳ እንደሚችል ሳስብ፣ ስሕተቱ የወረቀት ብቻ ሆኖ አይታየኝም።

ነገሩን በአንድ ካርድ እንየው። የማንንም ምስጢር ላለማውጣት ካርዱን ለምሳሌ ያህል ያዘጋጀሁት እኔው ነኝ፤ እሱን የሚመስሉ ግን ከእጄ አይጠፉም። ቀኝ እግሩ ከጉልበቱ በታች ከ12 ዓመት በፊት የተቆረጠ ሰው ወደ ተመላላሽ ክፍል ይመጣል። ሰው ሠራሽ እግሩን አጥልቆ ሲቆም ከጉቶው ጫፍ ተነሥቶ ኤሌክትሪክ እንደያዘው ሰው የሚያስደነግጥ ሕመም ይሰማዋል፤ ሐኪሙ በጣቱ እየተጫነ ሲፈልግ አንዲት ቦታ ላይ ሲደርስ ታካሚው ከተቀመጠበት ይፈናጠራል። ሐኪሙ «የእግር ሕመም» ብሎ ጽፎ ማስታገሻ ያዝዛል። ካርዱ እኔ ዘንድ ሲደርስ በዚያ ጽሑፍ ልሰጥ የምችለው ኤም79.6 ብቻ ነው፤ ይህ ኮድ መንገድ በዝቶበት እግሩ ለሚጠዘጥዘው ሰውም የሚሰጥ ነው። ሐኪሙ «ከ12 ዓመት በፊት በውጊያ ላይ በፈንጂ የተቆረጠ ቀኝ እግር፤ አሁን በዚያው ምክንያት በጉቶው ላይ የተፈጠረ ኒውሮማ» (በተቆረጠ ነርቭ ጫፍ ላይ የሚበቅል የሚያም እብጠት) ብሎ ቢጽፍ ኖሮ ካርዱ ሦስት ኮድ ይይዝ ነበር። ቲ87.3 የጉቶውን ኒውሮማ፣ ቲ93.6 የእግር መቆረጥ መዘዝ መሆኑን፣ ዋይ89.1 ደግሞ መነሻው ጦርነት መሆኑን ይናገራሉ። የሐኪሙ ተጨማሪ ጽሑፍ ከአንድ መስመር አይበልጥም።

ሕመሙ የሚሰማው ጉቶው ላይ ሳይሆን በሌለው እግር ጣቶች ላይ ከሆነ ደግሞ ኮዱ ጂ54.6 ይሆናል፤ ሕክምናውም ከኒውሮማው የተለየ ነው። ይህ ሁኔታ በሕክምና ጽሑፎች ዛሬ የሚታወቅበትን «ፋንተም ሊምብ» የሚል ስም ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1871 ሲሆን፣ የሰየመው በአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ቁስለኞችን ያከመው ሳይላስ ዊየር ሚቸል ነው። ከጦር ሜዳ ቁስለኞች የተገኘ ዕውቀት በምደባው ውስጥ የራሱ ቦታ እያለው፣ የዛሬው ቁስለኛ ካርድ ጦርነትን ሳያነሣ መዘጋቱ ይገርመኛል።

ለምን አይጻፍም? ከፊሉ ምክንያት መመሪያው ውስጥ ነው። የአይሲዲ-10 የአሠራር መመሪያ ዋና ሕመም ሆኖ መጻፍ ያለበት ታካሚው አሁን ያለበት ችግር እንደሆነ ያዝዛል፤ በዚህ አልከራከርም፤ ሰውየው የሚታከመው ለዛሬው ሕመሙ ነውና። የመዘዝነቱን ኮድ ግን እንደ ተጨማሪ ሊሰጥ የሚችል ነገር አድርጎ አስቀምጦታል። ሥራ በበዛበት ክፍል ውስጥ «ሊሰጥ ይችላል» የተባለ ነገር አይሰጥም። በዚህ ላይ ብዙ የሪፖርት ቅጾች የሚቆጥሩት የመጀመሪያውን ምርመራ ውጤት ብቻ ስለሆነ፣ ተግቶ ሁለተኛና ሦስተኛ ኮድ ያስገባ ሠራተኛ እንኳ ድካሙ ከክፍሉ በር ሳያልፍ ይቀራል። ምደባውን የመቀየር ሥልጣን የላችሁም፤ ማንም አልጠየቃችሁም። ነገር ግን አማራጭ የሆነውን በተቋማችሁ ግዴታ ለማድረግ አንድ የውስጥ ሰርኩላር ይበቃል፤ ይህን ማድረግ ከመመሪያው ጋር አያጋጭም።

ሌላም ዓይነት ጥፋት አለ፤ ይህኛው መረጃውን በማጉደል ሳይሆን ያለ አግባብ በማብዛት ነው። የሕመሙን ምንጭ መጻፍ የሚፈልግ ቅን ሠራተኛ መዘዝን የሚያመለክተውን ኮድ ሳያውቅ ሲቀር፣ ከዓመታት በፊት ለተቆረጠው እግር ኤስ88ን፣ ማለትም የአዲስ አደጋ ኮድን ይሰጣል። ያ ሰው በዓመት አራት ጊዜ ለክትትል ቢመጣ በሪፖርቱ ላይ አራት ጊዜ እግሩ ይቆረጣል። የአሜሪካው ቅጂ ይህን ለመከላከል በጉዳት ኮዶች መጨረሻ ላይ ሰባተኛ ቁምፊ ጨምሯል፤ ኤ በንቁ ሕክምና ላይ ላለ፣ ዲ በማገገም ክትትል ላይ ላለ፣ ኤስ ለመዘዝ። በዚያ አሠራር የዛሬው ሕመም ቀድሞ ይጻፋል፣ ኤስ ያለበት የጥንቱ ጉዳት ይከተለዋል፤ ሁለቱን መጻፍም ለሠራተኛው ምርጫ የተተወ አይደለም። እኔ የምጠይቀው መንፈሱ ከዚህ የራቀ አይደለም።

ስለ ጊዜም አንድ ነገር መነገር አለበት። አንዳንድ ባልደረቦቼ ጉዳቱ ከደረሰ ዓመት ካልሞላው የመዘዝ ኮድ አይሰጥም ብለው ካርድ ሲመልሱ አይቻለሁ። የምደባው ማስታወሻ የሚለው ሌላ ነው፤ ሐኪሙ መዘዝ ብሎ የጻፈው ሁሉ፣ ወይም ከጉዳቱ በኋላ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ የቆየው ይካተታል። ሐኪሙ በስምንተኛው ወር መዘዝ ነው ካለ በስምንተኛው ወር መዘዝ ነው።

ይህ ሁሉ የሚያርፈው በሐኪሙ ዓረፍተ ነገር ላይ ነው። ኮድ ሰጪ ሠራተኛ በኤክስሬይ ወረቀቱ ላይ «የብረት ፍንጣሪ ይታያል» የሚል አንብቦ፣ በሌላ ገጽ ላይ «የቀድሞ ወታደር» የሚል አይቶ፣ ሁለቱን በራሱ አገናኝቶ የጦርነት መዘዝ ብሎ መጻፍ አይፈቀድለትም፤ ሊፈቀድለትም አይገባም። ፍንጣሪው ከሥራ አደጋ የመጣ ሊሆን ይችላል። የሚገባው መንገድ ሐኪሙን በጽሑፍ መጠየቅ ነው፤ ጥያቄውም መልሱን አስቀድሞ ያላዘጋጀ መሆን አለበት። «ይህ ሕመም ከጦርነቱ ቁስል የመጣ ነው አይደል?» ተብሎ አይጠየቅም፤ «የዚህ ሕመም መነሻ ከታወቀ እባክዎ ይግለጹ» ተብሎ ይጠየቃል። ብዙ ተቋማት ይህን የመጠየቂያ ቅጽ አላዘጋጁም፤ ባሉባቸውም ቦታዎች ቅጹ ሐኪሙ ጠረጴዛ ላይ ተከምሮ ይቀራል። ሰርኩላሩ መልስ የሚሰጥበትን ቀነ ገደብ ካልያዘ ምንም አይለውጥም።

የማያያዣው ዓረፍተ ነገር ከሁሉ በላይ የሚያስፈልገው መዘዙ ዘግይቶ ሲመጣ ነው። በቬትናም ጦርነት ጭንቅላታቸውን ዘልቆ የገባ ጉዳት የደረሰባቸውን የአሜሪካ ወታደሮች ለረጅም ጊዜ የተከታተለው ጥናት፣ በ15 ዓመት ውስጥ ከግማሽ በላይ የሚሆኑት፣ 53 ከመቶ ያህሉ፣ የሚጥል በሽታ እንደያዛቸው አሳይቷል። ቁስሉ ከዳነ ከብዙ ዓመት በኋላ መጀመሪያ ጊዜ የወደቀ ሰው ወደ ድንገተኛ ክፍል ሲገባ፣ የሚጠየቀው ትናንት ስለጠጣውና ስለበላው ይሆናል እንጂ ስለ ጥንቱ ፍንጣሪ አይደለም። ካርዱ ላይ የሚጥል በሽታ ኮድ የሆነው ጂ40 ብቻ ይሰፍራል፤ የጭንቅላት ውስጥ ጉዳት መዘዝን የሚናገረው ቲ90.5 እና ዋይ89.1 ሳይጻፉ ይቀራሉ። የጆሮ ነገርም እንደዚሁ ነው። በፍንዳታ አጠገብ የነበረ ሰው የመስማት ችሎታው ቀስ በቀስ ሲደክም ዕድሜው ያመጣው ተደርጎ ይመዘገባል፤ ጆሮው ውስጥ የማያቋርጠው ጩኸት ደግሞ፣ ታካሚው ራሱ ስለለመደው፣ ብዙ ጊዜ ከነጭራሹ አይነሣም።

በሰውነት ውስጥ የቀረ ብረትን በሚመለከት ኮዱ የስታቲስቲክስ ብቻ ሳይሆን የደኅንነት ጉዳይ ነው። በለስላሳ አካል ውስጥ የቀረ ባዕድ ነገር በኤም79.5 ይመዘገባል። ይህ ካርዱ ላይ በግልጽ ካልታየ፣ ታካሚው ለኤምአርአይ ምርመራ ሲላክ በዓይኑ ወይም በአከርካሪው አጠገብ ያለ በማግኔት የሚሳብ ፍንጣሪ ሊንቀሳቀስበት ይችላል፤ የአሜሪካው ቅጂ በማግኔት የሚሳበውንና የማይሳበውን ብረት ለየብቻ ኮድ የሰጠውም ያለ ነገር አይደለም። በመገጣጠሚያ ውስጥ የቀረ የእርሳስ ጥይት ደግሞ በመገጣጠሚያው ፈሳሽ እየተሸረሸረ ከዓመታት በኋላ የደም እርሳስ መጠንን ሊያሳድግ ይችላል። የሆድ ቁርጠት፣ ድካምና የደም ማነስ ይዞት የመጣ ሰው የእርሳስ መመረዝ ኮድ የሆነው ቲ56.0 እንዲሰጠው መጀመሪያ ጥይቱን የሚያስታውስ መዝገብ ሊኖር ይገባል። ለዓመታት መግል ከሚያፈስ የአጥንት ኢንፌክሽን ወይም ከአሮጌ የቃጠሎ ጠባሳ የቆዳ ካንሰር ሊነሣ እንደሚችል ሐኪሞች ያውቃሉ፤ መዝገቡ ግን ካንሰሩን ብቻ ይቆጥራል።

የአእምሮ ጉዳት ከሁሉም ይከብዳል። በአይሲዲ-10 ከአሰቃቂ ክስተት በኋላ የሚመጣው የጭንቀት ሕመም፣ ማለትም ፒቲኤስዲ፣ ኤፍ43.1 ሲሆን፣ ከክስተቱ በኋላ ከሳምንታት እስከ ወራት ባለ ጊዜ ውስጥ እንደሚጀምር ተገልጿል። ለዓመታት ሥር ሰዶ የሰውየውን ጠባይ የለወጠውን ሁኔታ፣ ቢያንስ ሁለት ዓመት የቆየ ከሆነ፣ የሚይዘው ኤፍ62.0 ነው። በሥራዬ ኤፍ62.0ን የማየው ከስንት አንዴ ነው፤ አብዛኛው ቁስለኛ በእንቅልፍ ማጣት፣ በመጠጥ ወይም በድብርት ኮድ ተበታትኖ ይገኛል። እ.ኤ.አ. ከጥር 1 ቀን 2022 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው አይሲዲ-11 ውስብስብ ፒቲኤስዲን በ6ቢ41 ለብቻው አስቀምጦታል፤ ወደ አዲሱ ክለሳ የምትሸጋገሩ ተቋማት የሥልጠና ጊዜያችሁን ስትከፋፍሉ ለዚህ ምዕራፍ ሰፋ ያለ ሰዓት ብትመድቡለት ደግ ነው። አሮጌው መዝገብ ላይ ያልተጻፈውን አዲሱ ምደባ ከየትም አያመጣውም።

ጥያቄዬ ግን የቀድሞ ተዋጊ የታመመው ሁሉ በጦርነት መዘዝ ይመዝገብ ማለት እንዳይመስል። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት እግራቸው ከጉልበት በላይ የተቆረጠ ወታደሮች ላይ በተደረገ ጥናት በልብና በደም ሥር ሕመም የመሞት ዕድል ከፍ ብሎ ታይቷል፤ ይህ እውነት ቢሆንም በአንድ የተወሰነ ሰው ላይ የደረሰው የልብ ድካም ከእግሩ መቆረጥ የመጣ ነው ለማለት አያስችልም። ሐኪሙ በዚያ ሰው ላይ መርምሮ ካላረጋገጠ በስተቀር የመዘዝ ኮድ አይሰጥም። ኮዱን ያለ አግባብ ያበዛ ተቋም በእውነት የተጎዳውን ሰው ማስረጃ ያረክሳል።

ለአካል ጉዳት ምዘና ቦርዶች በተለይ የምለው አለኝ። ኮዱ ካርዱ ላይ አለመኖሩን ጉዳቱ ከጦርነት እንዳልመጣ ማስረጃ አድርጋችሁ አትቁጠሩት። ከላይ እንዳሳየሁት ኮዱ የሚጎድለው ብዙ ጊዜ ባልተጻፈ አንድ መስመር ምክንያት ነው፤ የሐኪሙን ማስታወሻ፣ የቀዶ ሕክምናውን ሪፖርት፣ የመጀመሪያውን የመልቀቂያ ወረቀት አስመጥታችሁ አንብቡ። ኮዱ በኖረበት ጊዜም የሚነግራችሁ ጥቂት ነው። ዜድ89.5 እግሩ ከጉልበት ወይም ከዚያ በታች አለመኖሩን ይናገራል፤ ሰውየው ስንት ሜትር መሄድ እንደሚችል፣ ደረጃ መውጣት ይችል እንደሆነ፣ ቆሞ የሚሠራ ሥራ ይዞ መዋል ይችል እንደሆነ አይናገርም። ለዚህ የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2001 ያጸደቀው አይሲኤፍ የተባለ የተግባር ችሎታና የአካል ጉዳት ምደባ አለ። በበሽታ ኮድ ብቻ የጉዳት መጠን በመቶኛ የሚተመንበት አሠራር ትክክል ሆኖ አላገኘሁትም።

የሞት ምስክር ወረቀትም ከዚሁ ጋር ይታይ። ከ20 ዓመት በፊት በውጊያ አከርካሪው በጥይት የተመታ ሰው ከወገቡ በታች ሽባ ሆኖ ሲኖር፣ በመጨረሻ ከመኝታ ቁስል በተነሣ የደም ኢንፌክሽን ቢሞት፣ ሐኪሙ ሰንሰለቱን እስከ ጥይቱ ድረስ ከጻፈው መሠረታዊው የሞት ምክንያት ዋይ89.1 ይሆናል። «የደም ኢንፌክሽን» ብሎ ከቆመ ያ ሰው ከጦርነቱ ሟቾች ቁጥር ይወጣል።

አንድ ስጋት ሳላነሣ አላልፍም። በውጊያ መቁሰልን የሚናገር ኮድ ማን ሊያየው እንደሚችል ካልተወሰነ በታካሚው ላይ አደጋ ሊያመጣ ይችላል፤ በየትኛው ወገን እንደተሰለፈ የሚጠይቀው፣ የሚያገልለው ወይም ሥራ የሚከለክለው ሰው አይጠፋም። ምደባው የወገን ስም እንደማይጠይቅ ሁሉ ካርዱም አይጠይቅ። ዋይ36ም ሆነ ዋይ89.1 በኢንሹራንስ ወረቀት፣ በሕመም ፈቃድና ለአሠሪ በሚላክ ማስረጃ ላይ እንዳይታዩ፣ በውስጥ መዝገቡም ማን እንደከፈታቸው የሚያሳይ መከታተያ እንዲኖር ሰርኩላሩ በግልጽ ይደንግግ። ታካሚው መነሻውን መናገር ካልፈለገም አይገደድ፤ ግዴታው በጽሑፍ የተረጋገጠውን በኮድ በሚያስቀምጠው ተቋም ላይ እንጂ በቁስለኛው ላይ አይደለም።

እንግዲህ በተግባር የሚያስፈልገው ብዙ አይደለም። በተመላላሽና በአስተኝቶ ማከሚያ ካርዶች ላይ «የቆየ ጉዳት መዘዝ ከሆነ፦ ምን ጉዳት፣ በምን ምክንያት፣ መቼ» የሚል አንድ መስመር ይታተም። ይህ መስመር ተሞልቶ የመዘዝና የምክንያት ኮድ ያልገባበት ካርድ በኮምፒውተሩ ሥርዓት እንዳይዘጋ ይደረግ። ወርኃዊ ሪፖርቱ ተጨማሪ ኮዶችንም እንዲያወጣ ቅጹ ይስተካከል፤ በዋይ36.8 የተመዘገቡ ካርዶች ደግሞ ለአንድ ጊዜ ተመርምረው የተሳሳቱት ወደ ዋይ89.1 ይዛወሩ። የትኛውን መቼ እንደምትጀምሩ በግልጽ እንድታሳውቁን በአክብሮት እጠይቃለሁ።

ከአክብሮታዊ ሰላምታ ጋር፣
የሕክምና መዝገብ ኮድ ሠራተኛ